ስለ ደጅ መብራት

መብራት በቤት ውስጥ ሲበራ ጥቅሙ ለባለቤቱ ነው። በብርሃኑ ይበላል፥ ይሠራል፥ መጽሐፍ ያነባል፥ የልጆቹንም ፊት ያያል። በደጅ የተሰቀለ መብራት ግን ለባለቤቱ የሚያደርግለት ነገር ጥቂት ነው። እርሱ በሩን ዘግቶ ከውስጥ ተቀምጧል፤ ብርሃኑ የሚወድቀው በመንገዱና በመንገደኛው ላይ ነው። ዘይቱን የገዛው አንድ ሰው፥ የሚያይበት ሌላ ሰው ነው። ስለዚህ በብዙ አገር የሚኖሩ ሰዎች ከጥንት ጀምሮ በደጃፍ የሚበራውን መብራት ከሌላው መብራት ለይተው ትርጓሜ ሰጥተውታል።

በገጠር ያደገ ልጅ ይህን ነገር ማንም ሳይነግረው ያውቀዋል። በክረምት ሌሊት ጨረቃ በደመና ስትሸፈን፥ መንገዱ ጭቃ፥ ወንዙም ሙላት ሲሆን፥ የመሸበት ሰው ከሩቅ የሚፈልገው አንዲት የብርሃን ነጥብ ነው። ያችን ካየ፥ በዚያ ሰው አለ፥ እሳት አለ፥ ከጅብም መጠጊያ አለ ብሎ ልቡ ይጽናናል። ቀርቦም ከአጥር ውጭ ቆሞ፥ «ቤቶች! የመሸበት የእግዜር እንግዳ ነኝ፤ አሳድሩኝ» ብሎ ይጣራል። ነገር ግን እርሱ ሳይጣራ፥ ባለቤቱም አፉን ሳይከፍት፥ ብርሃኑ አስቀድሞ «ና» ብሎታል።

በኢትዮጵያ የደጅ ብርሃን ከሁሉ ይልቅ የሚታወቀው በቡሄ ነው። ቡሄ ነሐሴ 13 ቀን የሚውለው የደብረ ታቦር በዓል ነው፤ ጌታችን ኢየሱስ ክርስቶስ በተራራ ላይ በሦስቱ ደቀ መዛሙርቱ ፊት መልኩ እንደ ፀሐይ ያበራበት ቀን መታሰቢያ ነው። በዋዜማው ማታ በየቤቱ ደጃፍ ችቦ ይበራል። ችቦ ማለት ደረቅ ጭራሮ ተሰብስቦ በልጥ የታሰረ ነው፤ ጫፉ ሲለኮስ ነበልባሉ ከፍ ብሎ ይነድዳል፥ ነገር ግን ብዙ አይቆይም። ልጆች ጅራፍ ያጮኻሉ፥ እየዘፈኑም ከደጅ ወደ ደጅ ይሄዳሉ፤ እናቶችም ሙልሙል የሚባለውን ዳቦ ይሰጧቸዋል።

ሽማግሌዎች የዚህን ልማድ ምክንያት ሲናገሩ እንዲህ ይላሉ። በዚያ ቀን በተራራው አጠገብ ከብት የሚጠብቁ ልጆች ነበሩ። ብርሃኑ በታየ ጊዜ ቀኑ ገና ያልመሸ መሰላቸው፤ ስለዚህ ከብቶቻቸውን ወደ ቤት ሳይነዱ በሜዳ ቆዩ። በመንደሩ ግን ጨልሞ ነበር። ወላጆቻቸው ቢጠብቁ፥ ቢጠብቁ፥ ልጆቹ አልመጡም። በዚህ ጊዜ ችቦ አብርተው፥ ዳቦም ይዘው፥ በጨለማ ሊፈልጓቸው ወጡ።

የወንጌል ጸሐፊዎች ይህን የእረኞች ነገር አልጻፉትም፤ ከአባት ወደ ልጅ በቃል ሲነገር የመጣ ነው። ቢሆንም በታሪኩ ውስጥ ሁለት ብርሃን እንዳለ ልብ ማለት ይገባል። አንደኛው ከተራራው የታየው ነው፤ እርሱ ልጆቹን አስቆያቸው። ሁለተኛው በእናትና በአባት እጅ የተያዘው ጭራሮ ነው፤ እርሱ ልጆቹን ወደ ቤት መለሳቸው። በየደጃፉ የሚበራው የቡሄ ችቦ ይህን ሁለተኛውን፥ ትንሹንና ቶሎ የሚጠፋውን ብርሃን ያስታውሳል። ዳቦውም ከችቦው ጋራ መሄዱ ያለ ምክንያት አይደለም፤ የጠፋው ልጅ እንደ ራበው ፈላጊው ያውቃልና።

ችቦ በእንቍጣጣሽ ዋዜማም ይበራል፤ የዚያ ትርጓሜው የክረምቱ ጨለማ ማለፉና ብርሃን የሚሆንበት ወራት መግባቱ ነው። መስከረም 16 ቀን የሚለኰሰው የመስቀል ደመራ ግን የአንድ ቤት ሳይሆን የአገር ሁሉ እሳት ነው፤ ስለ እርሱ የሚነገረው ብዙ ስለ ሆነ ለብቻው መጻፍ ይገባዋል።

ስለ ደጅ መብራት ከሁሉ ይልቅ አጥብቀው ያሰቡና ሕግ እስከ ማውጣት የደረሱ ሕዝብ አይሁድ ናቸው። ጌታችን ከመወለዱ 167 ዓመት ያህል በፊት የሶርያ ንጉሥ አንጥያኮስ አራተኛው የኢየሩሳሌምን መቅደስ አረከሰ፤ አይሁድንም የአባቶቻቸውን ሕግ እንዳይጠብቁ ከለከለ። ይሁዳ መቃቢ የተባለ ሰው ከወንድሞቹ ጋራ ተነሥቶ ተዋጋ፤ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ164 ዓመት መቅደሱን አንጽቶ እንደ ገና ባረከው። (በኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን መጻሕፍት መካከል ያለው መጽሐፈ መቃብያን የሚናገረው ሌላ ታሪክ ነው፤ ስሙ ስለ ተመሳሰለ ብቻ አንድ ናቸው ማለት አይገባም።) ይህ የመታደስ በዓል በዕብራይስጥ ሐኑካ ይባላል። በዮሐንስ ወንጌል በ10ኛው ምዕራፍም ስሙ ተጠርቷል። ስምንት ቀን ይከበራል። ስለ ቀኑ ቍጥር የአይሁድ መምህራን ሲናገሩ፥ በመቅደሱ የሊቀ ካህናቱ ማኅተም ያለበት አንድ ማሰሮ ዘይት ብቻ ተገኘ፤ ለአንድ ቀን የሚበቃው ዘይት ግን ስምንት ቀን አበራ ይላሉ።

በመጀመሪያው ማታ አንድ መብራት፥ በሁለተኛው ሁለት፥ እንዲህ እየተጨመረ በስምንተኛው ማታ ስምንት መብራት ይበራል። በጥንት ዘመን በዚህ ነገር ክርክር ነበረ። የሻማይ ደቀ መዛሙርት በስምንት ተጀምሮ እየተቀነሰ ወደ አንድ ይውረድ አሉ። የሂሌል ደቀ መዛሙርት ግን በተቀደሰ ነገር ይጨመራል እንጂ አይቀነስም ብለው በአንድ ይጀመር አሉ። ሕዝቡ የሂሌልን ቃል ተከተለ።

መብራቱስ የት ይኑር? ተልሙድ በሚባለው በመምህራኑ መጽሐፍ የተጻፈው ትእዛዝ፥ ከቤቱ በር በውጭ ይኑር የሚል ነው። በፎቅ የሚኖር ሰው ወደ አደባባዩ በሚያሳይ መስኮት ያኖረዋል። የሚቀመጠውም ከበሩ በስተ ግራ ነው። በስተ ቀኝ በኩል በመቃኑ ላይ መዙዛ የሚባል የሕግ ቃል የተጻፈበት ብራና ተሰቅሏልና፥ የሚገባው ሰው በሁለቱ መካከል ያልፋል። በዚህ መብራት ምንም ሥራ መሥራት አይፈቀድም፤ ገንዘብ እንኳ አይቈጠርበትም። ለታዛቢ እንግዳ ነገር ይመስለዋል፤ መብራት ተበርቶ አይሠራበትም ማለት ምን ማለት ነው? መልሱ፥ መብራቱ የተበራው አላፊው ሁሉ አይቶ የተደረገውን ታላቅ ነገር እንዲያስታውስ ነው፤ ስለዚህ የባለቤቱ ሥራ መሣሪያ መሆን የለበትም። ድኃም ቢሆን ከዚህ ነፃ አይደለም። ልብሱን ሸጦም ቢሆን ዘይት ይግዛ ብለው መምህራን ወስነዋል።

እስከ መቼ ይቈያል ለሚለውም ጥያቄ መምህራኑ በሰዓት አልመለሱም። ፀሐይ ከገባች ጀምሮ የሰው እግር ከገበያ እስኪቋረጥ ድረስ ነው አሉ። በመንገድ ሰው እስካለ ድረስ መብራቱ ሥራ አለው፤ ሁሉም ወደ ቤቱ ከገባ በኋላ ቢጠፋ ግድ የለም።

በመንገድ ዳር እሳት ማኖር ግን አደጋ ሊያመጣ ይችላል። አሮጌዎቹ ፈራጆች ይህንንም አስበውበታል። አንድ ግመል የተልባ ጭድ ተጭኖ በጠባብ መንገድ ያልፋል። ጭነቱ ብዙ ስለ ሆነ ወደ አንድ ሱቅ ውስጥ ገብቶ የባለ ሱቁን መብራት ነካ፤ እሳትም ተነሥቶ ቤቱን አቃጠለ። ማን ይክፈል? ፈራጆቹ ባለ ግመሉ ይክፈል አሉ፤ ከልክ በላይ ጭኖ መብራቱ ካለበት ገብቷልና። ነገር ግን ባለ ሱቁ መብራቱን ከውጭ አኑሮት እንደ ሆነ፥ የሚከፍለው ባለ ሱቁ ነው፤ መንገዱ የሁሉ ነውና። ይሁዳ የተባለ መምህር ግን በዚህ ላይ ጨምሮ፥ መብራቱ የሐኑካ መብራት ከሆነ ባለ ሱቁ ነፃ ነው አለ። እርሱ በመንገድ ያኖረው ስለ ራሱ ጥቅም ሳይሆን ስለ ታዘዘ ነው፤ ባለ ግመሉም የበዓሉን ቀን አውቆ መጠንቀቅ ነበረበት። እንዲህ ያለ ፍርድ የሚያስደንቀው፥ ለሰው የበራ መብራት በሰው ላይ ጉዳት ሊያደርስ እንደሚችል ሳይሸሽጉ መመርመራቸው ነው።

አንድ ሌላ ትእዛዝ ደግሞ አለ፤ ከሁሉ የሚያሳዝነው እርሱ ነው። የአደጋ ጊዜ ከሆነ፥ መብራቱን በውስጥ በገበታው ላይ ማኖር ይበቃል ይላል። አይሁድ በባዕድ አገር ተበትነው ሲኖሩ ብዙ ጊዜ ጠላት ይነሣባቸው ነበር፤ በደጃፍ የበራው መብራት ለጎረቤት ደስታን ሳይሆን ለአሳዳጅ ምልክትን የሚሰጥ ሆነ። ስለዚህ ብዙዎች መብራቱን ወደ ውስጥ አስገቡት፥ መስኮቱንም ዘጉ። በአውሮፓ ነፋሱና በረዶውም ለዚህ ረድቶ ይሆናል። ነገር ግን ያ ቃል በመጽሐፍ ስለ ቀረ፥ ልጆቻቸው የመብራቱ ስፍራ በገበታ ላይ ሳይሆን በደጅ እንደ ሆነ ከትውልድ ወደ ትውልድ ያውቁ ነበር። ዛሬ በኢየሩሳሌም በበዓሉ ማታ በጠባቦቹ መንገዶች የሚያልፍ ሰው፥ ነፋስ እንዳያጠፋቸው በመስተዋት ሣጥን የተከለሉ ትናንሽ የዘይት መብራቶች በየበሩ አጠገብ ያያል።

በኢትዮጵያ የኖሩት ቤተ እስራኤል ግን ይህን በዓል አያውቁትም ነበር። እነርሱ በኦሪት የተጻፉትን በዓላት ይጠብቃሉ፤ ሐኑካ ከኦሪት በኋላ የመጣ ነው፥ የተልሙድም ትምህርት ወደ እነርሱ አልደረሰም። በ1984 እና በ1991 እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ብዙዎቹ በአውሮፕላን ወደ እስራኤል በተወሰዱ ጊዜ፥ ሽማግሌዎቹ የሐኑካን መብራት እንደ አዲስ ነገር አዩት፤ ልጆቻቸውም በትምህርት ቤት ተምረው ለወላጆቻቸው አበሩላቸው።

በህንድ አገርም ዲዋሊ በሚባለው በዓል በጨረቃ አልባው ሌሊት ከሸክላ የተሠሩ ትናንሽ የዘይት መብራቶች በየመድረኩ ይደረደራሉ። ንጉሥ ራማ ከስደት ሲመለስ ሕዝቡ በመብራት ተቀበለው ብለው ብዙዎች ይተርካሉ።

አንዳንድ ጊዜ ደግሞ የደጅ መብራት ከሃይማኖት ሳይሆን ከከተማ ሕግ መጣ። በእንግሊዝ አገር በሎንዶን በ1417 እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ከንቲባው ሄንሪ ባርተን በክረምት ማታ በየቤቱ ፊት ፋኖስ እንዲሰቀል አዘዘ ተብሎ ተጽፏል። የመንገድ መብራት ገና ባልነበረበት ዘመን፥ የከተማው መንገድ የሚበራው እያንዳንዱ ቤት የራሱን ፊት ሲያበራ ነበር። አንዱ ቢሰንፍ በደጁ ፊት ያለው ስፍራ ይጨልማል፤ የሚወድቀው ግን ሰነፉ ሳይሆን አላፊው ነው። የሌሊት ጠባቂዎችም እየዞሩ ሰዎች ፋኖሳቸውን በሙሉ ሻማ እንዲሰቅሉ ይጮኹ ነበር፤ ሻማ ለመቈጠብ ቍራጩን የሚያደርግ አልጠፋምና። በፓሪስ በ1667 መንግሥት ራሱ በየመንገዱ ፋኖስ ማሰቀል ጀመረ፤ ከዚያም ወዲህ ሥራው በታላላቆቹ ከተሞች ከቤተ ሰብ እጅ እየወጣ ወደ አገር አስተዳዳሪዎች ተላለፈ።

አሁን በከተማ በብዙ አጥር በር ላይ የኤሌክትሪክ አምፖል ተሰቅሏል። ባለቤቱን ለምን እንዳበራው ቢጠይቁት ብዙውን ጊዜ የሚመልሰው፥ ስለ ሌባ ነው ብሎ ነው። እውነቱን ነው፤ ጨለማን የሚወድ ሰው ብርሃን ካለበት ደጅ ይሸሻል። ነገር ግን ያው አንድ አምፖል ለሌባው «አይቼሃለሁ» ሲል፥ ለእንግዳው «በሩ ይህ ነው» ይለዋል። ውሃ ቀድታ የምትመለስ የጎረቤት ልጅም ጉድጓዱን በእርሱ ብርሃን አይታ ታልፋለች፤ ባለቤቱ ግን ማለፏን እንኳ አያውቅም።

ከቤተ ሰቡ አንዱ ያመሸ እንደ ሆነ የደጁ መብራት አይጠፋም። ሌሎቹ እራታቸውን በልተው፥ ጸሎታቸውን አድርሰው ይተኛሉ፤ እናት ግን ብርሃኑን በመስኮቱ መጋረጃ ላይ እያየች በአልጋዋ ላይ ነቅታ ትቈያለች። በብዙ ቤት ልማዱ አንድ ነው፤ የመጨረሻው ገቢ በሩን ከዘጋ በኋላ መብራቱን ያጠፋል። በመጋረጃው ላይ ያለው ብርሃን ድንገት ሲጠፋ እናቲቱ ልጇ እንደ ገባ ታውቃለች፤ ያን ጊዜም ፊቷን ወደ ግድግዳው መልሳ ታንቀላፋለች።