የሳሎን ምንጣፍ በራስ እጅ፦ ለአራዳና ለፒያሳ ቤቶች

ረመዳን ሲቃረብ ቤት ማደስ በብዙዎቻችን ዘንድ የተለመደ ነው። ግድግዳው ይቀባል፣ መጋረጃው ይታጠባል፣ አቅሙ የፈቀደ ደግሞ መርካቶ ብቅ ብሎ ሳሎኑን ሙሉ የሚሸፍን ምንጣፍ ያስቆርጣል። ጥያቄው የሚመጣው ጥቅሉ ቤት ከደረሰ በኋላ ነው፤ ማን ያንጥፈው? አንድ ክፍል ብቻ ከሆነ ጀማሪም በወንድሙ ወይም በጎረቤቱ እገዛ ይወጣዋል። ግን አጥሮ የተቆረጠ ምንጣፍ አይረዝምም። እኛ አራዳ ውስጥ የአንድ ቤተሰብ ሳሎን ስናነጥፍ አንዱን ግድግዳ ብቻ ለክተን ቆረጥን፤ ምንጣፉ በአንዱ ጥግ አራት ጣት ያህል አጠረ። ያቺን ክፍተት እስከ ዛሬ የሚሸፍናት ሶፋው ነው።

የአራዳ አሮጌ ቤት ቀጥ ያለ ማዕዘን የለውም ብሎ መነሳት ይሻላል። የጭቃ ግድግዳ በየጊዜው ሲመረግ አንዱ ጫፍ ይወፍራል፣ ሌላው ይሳሳል። ስለዚህ ርዝመቱንም ስፋቱንም ቢያንስ በሦስት ሦስት ቦታ ለክተን ትልቁን ቁጥር እንይዛለን። ከዚያም በእያንዳንዱ ጎን 10 ሳንቲ ሜትር እንጨምራለን። ለምሳሌ ክፍሉ 3.40 በ4.20 ሜትር ቢሆን የሚያስፈልገን 3.60 በ4.40 ይሆናል። የምንጣፉ ጥቅል 4 ሜትር ስፋት ካለው 4.40 ሜትር ርዝመት ብናስቆርጥ ያለ ቅጥያ ይበቃል፤ የሚተርፈው የ40 ሳንቲ ሜትር ቁራጭ ደግሞ ለኮሪደር ይሆናል። ቅጥያ ግድ ከሆነ የሁለቱም ቁራጭ ጸጉር ወደ አንድ አቅጣጫ መተኛቱን በእጅ ዳብሶ ማረጋገጥ ያስፈልጋል። አለዚያ ምንጣፉ ሁለት ዓይነት ቀለም ያለው ይመስላል። መገጣጠሚያውም በር ላይ ባይውል ይመረጣል፤ እግር የሚበዛበት ቦታ ቶሎ ይለያያል።

ከመግዛት በፊት ወለሉን መመርመር ከሁሉም ይቀድማል፤ ብዙ ሰው የሚዘለው ግን ይህንኑ ነው። ብዙዎቹ የሰፈራችን ቤቶች ወለላቸው መሬት ላይ የፈሰሰ ሊሾ ነው፤ ክረምት ሲገባ እርጥበት ከታች ይስባል። አንድ ሜትር ያህል ላስቲክ ወለሉ ላይ ዘርግተን ዙሪያውን በፕላስተር እናሽገውና ለአንድ ቀን እንተወው። ስናነሳው ከሥሩ ጤዛ ካለ ወይም ሊሾው ከጠቆረ ወለሉ እርጥብ ነው። እንዲህ ባለ ወለል ላይ ስፖንጅና ምንጣፍ መደራረብ ሻጋታ መቀለብ ነው፤ አስም ያለበት ልጅ ላለው ቤት ደግሞ ሻጋታ ቀላል ነገር አይደለም። እዚህ ላይ የእኛ ምክር፦ ሙሉ ምንጣፉን ተዉት፣ በየሳምንቱ ተነስቶ ፀሐይ የሚሞቅ ትንሽ ምንጣፍ ይበቃል። ወለሉ ጣውላ ከሆነ የላላውን ሳንቃ ማጥበቅ፣ ወጣ ወጣ ያለውን ሚስማር መልሶ መምታት ይቀድማል።

ቀጥሎ የማጣበቂያው ነገር አለ። ማስቲሽ ቀብቶ ሙሉውን መለጠፍ የሚያምራቸው አሉ፤ እኛ አንመክርም። በ2016 ዓ.ም. ዶሮ ማነቂያና አካባቢው ሲፈርስ እንዳየነው የአራዳ ነዋሪ ዕቃውን ጠቅልሎ ወደ ሌላ ሰፈር መሄድ ሊገጥመው ይችላል። የተለጠፈ ምንጣፍ ሲነሳ ይቀደዳል፣ ሊሾውንም ይልጣል፤ የኪራይ ቤት ከሆነ ከአከራይ ጋር ያጨቃጭቃል። ባለ ሁለት ፊት ፕላስተር በግድግዳው ዙሪያና በበሩ አፍ ላይ ከተለጠፈ ለመኖሪያ ቤት ይበቃል። ማስቲሽ የግድ ካስፈለገም መስኮትና በር ተከፍቶ፣ የቡና ከሰልና የዕጣን ማጨሻ ከቤት ወጥቶ ይሁን። ሽታው ራስ ያዞራል፣ ትነቱም በእሳት ይያያዛል።

ምንጣፉን ክፍሉ ውስጥ ዘርግቶ አንድ ሌሊት ማሳደር የጥቅሉን እጥፋት ያለሰልሰዋል። በነጋታው ከመቁረጥ በፊት አንዴ ቆም ብሎ ቂብላውን ማየት ጥሩ ነው። መካ ከአዲስ አበባ በስተሰሜን ናት፤ ወደ ምሥራቅ የምታዘነብለው በጥቂት ዲግሪ ብቻ ነው። ፒያሳ ቆሞ ፊቱን ወደ እንጦጦ ያዞረ ሰው ወደ ቂብላ ዞሯል ማለት ይቻላል። የሳሎኑ ግድግዳ ግን እንደ መንገዱ አቀማመጥ ጠመም ሊል ይችላል። ኑር መስጂድ ወይም አንዋር መስገድ የለመደ ዓይን መስመር ሲያይ ሶፍ ይመስለዋል፤ ስለዚህ ግድግዳው ከቂብላ ጋር ካልገጠመ ባለ መስመር ምንጣፍ እንግዳን ያሳስታል። ልሙጥ ቀለም ያለው ይሻላል።

አሁን ወደ ከተሩ። በመጀመሪያ ረጅሙንና ቀጥ ያለውን ግድግዳ እናስይዛለን። ከዚያ በጉልበት ተንበርክከን ከመሐል ወደ ዳር በመዳፍ እየገፋን አየርና እጥፋት እናስወጣለን። ትርፉ ግድግዳ ላይ ሲወጣ በጠፍጣፋ ነገር ወደ ጥጉ ተጭነን መስመር እናወጣለን፤ ገልበጥ አድርገን ከጀርባው፣ ብረት ማስመሪያ አስደግፈን እንቆርጣለን። ምላጩ ሲደንዝ ወዲያው ይቀየር፤ ደንዛዛ ምላጭ ምንጣፉን ይጎትታል፣ እጅንም የሚቆርጠው እሱ ነው። በጥጎች ላይ ትንሽ በትንሽ መቁረጥ ነው። ዞኮሎ ካለ ነቅሎ በላዩ መልሶ መምታት ትንንሽ ስህተቶችን ይደብቃል።

ሕፃናት ባሉበት ቤት ሙሉውን አለማጣበቅ ሌላም ጥቅም አለው። ሽንት ቢነካው ጫፉን ከፍ አድርጎ ሥሩን ጭምር ማጠብና ማድረቅ ይቻላል። ስለ ነጃሳው አጸዳድ ዝርዝር ፍርድ የሰፈር ኡስታዝን መጠየቅ ነው። የቡና ረከቦት በሚቀርብበት ቦታ ደግሞ ከሥሩ ሰፊ ትሪ ይቀመጥ፤ ብዙው ርካሽ ምንጣፍ የፕላስቲክ ክር ስለሆነ የወደቀ ፍም ያቀልጠዋል።

በሩን እንዳትረሱ። ምንጣፉና ስፖንጁ ተደራርበው ወለሉን ከፍ ስለሚያደርጉት በሩ ወደ ውስጥ የሚከፈት ከሆነ ይይዛል። ከመግዛታችሁ በፊት የምንጣፉን ናሙና ከበሩ ሥር አስገብታችሁ ሞክሩት፤ ካላለፈ አናጺ መጥቶ ሥሩን ይላግላችሁ።