ያልነበረችው ዘፋኝ

መንፈስ ሲባል ብዙ ሰው የሚያስበው በዓይን የሚታይ ጥላ ነው። ከድምፅ ብቻ እንደተሠሩ የሚነገርላቸው ግን ፀባያቸው ሌላ ነው። ሰው አያነጋግሩም፣ አያስፈራሩም፤ ያንኑ ጩኸት ወይም ያንኑ የእግር ኮቴ እየደጋገሙ ያሰማሉ እንጂ። ይህን ዓይነቱን ፍጡር በደንብ አብራርቶ ያቀረበው ቢቢሲ በ1972 የገና ዕለት ያሳየው «ዘ ስቶን ቴፕ» የተባለው የናይጀል ኒል ድራማ ነው (ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። አዲስ የድምፅ መቅረጫ ፍለጋ ላይ ያሉ ባለሙያዎች አንድ አሮጌ ቤት ይገባሉ፤ በአንደኛው ክፍል ከብዙ ዘመን በፊት የሞተች የቤት ሠራተኛ ጩኸት ይሰማል። ድንጋዩ ድምፁን እንደ ቴፕ ቀርጾ ይዞት ይሆናል ብለው በመሣሪያ ሲነካኩት ጩኸቱ ይደመሰሳል። ከሥሩ ግን ከዚያ እጅግ የቆየ ሌላ ቅጂ ይገኛል።

በዚህ አስተሳሰብ መንፈሱ የሟች ነፍስ አይደለም፤ ሳያልፍ የቀረ ጊዜ ነው።

ሐሳቡ ከድራማው በፊትም ነበር። የስሌት ማሽን በመንደፍ የሚታወቀው እንግሊዛዊው ቻርልስ ባቤጅ በ1837 ባሳተመው መጽሐፍ ውስጥ እንዲህ ብሎ ይከራከራል፦ ከአፍ የወጣ ቃል አየሩን ይገፋል፣ የተገፋው ቅንጣት አጠገቡ ያለውን ይገፋል፤ ግፊቱ እየሳሳ ይሄዳል እንጂ ጨርሶ አይጠፋም። ስለዚህ ወሰን የሌለው የስሌት ችሎታ ያለው አእምሮ ከዛሬው የአየር እንቅስቃሴ ተነስቶ የተነገረውን ሁሉ ወደኋላ ሊያነብ ይችላል። ባቤጅ ይህን ያነሳው ለተረት አልነበረም። ባሪያዎችን ከነነፍሳቸው ባሕር ውስጥ የጣለ የመርከብ አዛዥ እንኳ ውሃውና አየሩ ለዘላለም ይመሰክሩበታል የሚል ክስ ነበረው።

ክርክሩ ግማሽ እውነት አለው። ድምፅ የአየር መጠጋጋትና መላላት እየተፈራረቀ የሚጓዝበት ሞገድ ነው፤ በሰከንድ 340 ሜትር ገደማ ይሄዳል። ግድግዳ ሲመታ ከፊሉ ይመለሳል፣ ከፊሉ ያልፋል፤ በመጨረሻ ሁሉም ወደ ሙቀት ይለወጣል። ኃይሉ አልጠፋም። ሙቀት ግን ቅንጣቶች ያለ ሥርዓት የሚራወጡበት ሁኔታ ስለሆነ የቃሉ ቅርጽ እዚያ ውስጥ ተበትኖ ይቀራል።

ድንጋይስ? የድንጋዩ ችግር መጠንከሩ ብቻ አይደለም። ድምፅ በአንድ ቅጽበት ሙሉውን ሊገኝ አይችልም፤ «ሰላም» የሚለው ቃል «ሰ» ሲባል ገና አልተወለደም፣ «ም» ሲባል ደግሞ መጀመሪያው አልፏል። እንዲህ ያለውን ነገር ለማስቀመጥ ጊዜን ወደ ርዝመት መለወጥ ያስፈልጋል፤ ማለትም የሚጫረው አካል ከሚጭረው ፊት በታወቀ ፍጥነት ማለፍ አለበት። ግድግዳ የትም አይሄድም። ቢጫር እንኳ የመቶ ዓመቱ ድምፅ ሁሉ እዚያው አንድ ነጥብ ላይ ይደራረብበታል።

ይህን ለውጥ በመሣሪያ የሠራው ኤድዋር ሌዮን ስኮት ደ ማርቲንቪል የተባለ የፓሪስ የማተሚያ ቤት ፊደል ለቃሚ ነው። በ1857 የፈጠራ መብት ያገኘበት መሣሪያ ድምፅ የሚቀበል ቀንድ፣ ከቀንዱ ጫፍ እንደ ከበሮ ቆዳ የተወጠረ ስስ ሽፋን፣ በሽፋኑ ላይ የተተከለ የአሳማ ፀጉርና በኩራዝ ጥላሸት የጠቆረ ወረቀት ነበረው። ወረቀቱ የተጠቀለለበት በርሜል በእጅ ሲሽከረከር ፀጉሩ የድምፁን ንዝረት በጥላሸቱ ላይ ይጭራል። መልሶ ማሰማት የስኮት ዓላማ አልነበረም፤ ድምፅ በዓይን እንዲነበብ ነበር የፈለገው። ማሰማቱ የመጣው በ1877 በኤዲሰን ፎኖግራፍ ነው። (ንግሥት ቪክቶሪያ በ1898 ለዐፄ ምኒልክ መልእክታቸውን በፎኖግራፍ ቀርጸው ሲልኩ ከተሰማ በኋላ እንዲደመሰስ አዝዘው ነበር፤ ድምፅ ከባለቤቱ ተለይቶ መቅረቱ አሳስቧቸው ይሆናል። የምኒልክና የእቴጌ ጣይቱ የድምፅ መልስ ግን ዛሬም ለንደን ውስጥ አለ።)

በ2008 አሜሪካውያን ተመራማሪዎች ስኮት በሚያዝያ 1860 የጫረውን አንድ ወረቀት በኮምፒውተር አነበቡት። አሥር ሰከንድ ያህል የሚቆይ የታወቀ የፈረንሳይ ዘፈን ወጣ፤ ድምፁም የሴት ወይም የልጅ መሰለ። ዓለም ሰማት። በማግስቱ ዓመት ግን ልጅቱ ጠፋች። ስኮት ከዘፈኑ ጎን የመቃኛ ሹካ ንዝረት አስጭሮ ነበር፤ ይህ ሲመቱት ሁልጊዜ በአንድ ልክ የሚርገበገብ ባለሁለት ጣት ብረት ነው። ተመራማሪዎቹ ሹካው በሰከንድ 500 ጊዜ ይነዝራል ብለው አስልተዋል። የዘመኑ ፈረንሳውያን ግን መሄዱን አንድ፣ መመለሱን ሌላ አድርገው ይቆጥሩ ስለነበር ትክክለኛው 250 ነበር። ፍጥነቱ በግማሽ ሲቀንስ ዘፈኑ ሃያ ሰከንድ ሆነ፤ ዘፋኙም ቀስ ብሎ የሚያዜም ወንድ፣ ምናልባትም ራሱ ስኮት።

ከድምፅ የተሠራ፣ በጊዜ የታሰረ ፍጡር ከተባለ ከዚህች ልጅ የበለጠ የተሟላ አላውቅም። አካል አልነበራትም፤ የኖረችውም በአንድ የቁጥር አፈታት ላይ ነበር።

ተመሳሳይ ድምፆች ሌላም ቦታ ተሰምተዋል። ፍሪድሪክ ዩርገንሰን በ1959 ስዊድን ውስጥ የወፍ ዝማሬ ሲቀርጽ የሰው ንግግር እንደሰማ ተናገረ፤ የላትቪያው ኮንስታንቲን ራውዲቭ ተከትሎ በቴፕ ጫጫታ ውስጥ የሙታንን ድምፅ አገኘሁ ብሎ መጽሐፍ አሳተመ። ከእነዚህ ድምፆች አንዱ አጭር ዓረፍተ ነገር እንኳ ብዙ ቋንቋ ይደባልቅ ነበር፤ ራውዲቭም ብዙ ቋንቋ ያውቅ ነበር። ጆሮ ከጫጫታ ውስጥ የለመደውን ቃል መርጦ ማውጣት አያቅተውም፤ አድማጩ ምን እንደሚሰማ አስቀድሞ ከተነገረው ደግሞ ይበልጥ ይቀለዋል። የስኮት ወረቀት ግን ከዘፈኑ ጎን ሰዓቱን ይዞ ነበር፤ ስህተቱን ያጋለጠው ያው ማመሳከሪያ ነው። በራውዲቭ ቴፖች ላይ ከአድማጩ ጆሮ ሌላ የሚመሳከርበት አልነበረም፤ ስለዚህ እነዚያ ድምፆች እንደ ፈረንሳዊቷ ልጅ በስሌት ሊሰናበቱ አልቻሉም።