ቢራቢሮ ወይስ የእሳት እራት? ከመግደላችን በፊት እንለይ

ክረምቱ አልፎ መስከረም ሲጠባ፣ መስኩ በአደይ አበባ ሲያሸበርቅ፣ ቢራቢሮዎች ከአበባ ወደ አበባ ሲዘዋወሩ እናያለን። ሲመሽ ደግሞ ግራጫና ቡናማ ቀለም ያላቸው ዘመዶቻቸው በአምፖሉ ዙሪያ ይሽከረከራሉ። ቀን የሚታዩትን እናደንቃለን፤ ማታ የሚመጡትን በጫማ እንመታለን። ለመሆኑ ከእነዚህ መካከል የገበሬውን ማሳ ባዶ የሚያስቀረው የትኛው ነው? ብናኝ ከአበባ ወደ አበባ እያደረሰ ፍሬ እንዲይዝ የሚረዳውስ? ለይቶ የማያውቅ ሰው ወዳጁን ገድሎ ጠላቱን ሊያሳድር ይችላል። በዚህ ጽሑፋችን እነዚህን ነፍሳት በመስክ ላይ እንዴት መለየት እንደሚቻል እንመለከታለን።

የአንድ ቤተሰብ ልጆች

ቢራቢሮና የእሳት እራት በሳይንስ አመዳደብ በአንድ ክፍል ውስጥ ይገኛሉ። ስማቸው የተመዘገበ ዝርያዎቻቸው ወደ 160,000 ይደርሳሉ፤ ከእነዚህ ውስጥ ቢራቢሮዎቹ ከ20,000 ብዙም አይበልጡም። የቀሩት ሁሉ የእሳት እራቶች ናቸው። ክንፋቸውን ስንነካ ጣታችን ላይ የሚቀረው ዱቄት እንደ ጣሪያ ክዳን የተደራረበ ጥቃቅን ቅርፊት ነው። የክንፉን ቀለምና ምልክት የያዘው ይኸው ቅርፊት ስለሆነ ለመለየት ስንል ክንፋቸውን ይዘን ማሸት የለብንም።

በመስክ ላይ የሚታዩ ምልክቶች

አንደኛ፣ አንቴናውን እንይ። የቢራቢሮ አንቴና ቀጭን ሆኖ ጫፉ እንደ ክብሪት ራስ ወፈር ይላል። የእሳት እራት አንቴና ግን እንደ ክር የሾለ ወይም እንደ ላባ የተበተነ ነው።

ሁለተኛ፣ አቀማመጡን እንመልከት። ቢራቢሮ ሲያርፍ አብዛኛውን ጊዜ ክንፎቹን ከጀርባው በላይ አቁሞ ይገጥማቸዋል። የእሳት እራት ክንፎቹን ዘርግቶ ይለጠፋል ወይም እንደ ጎጆ ጣሪያ ሰውነቱ ላይ ይከድናቸዋል።

ሦስተኛ፣ ሰውነቱ ነው። የቢራቢሮ ሰውነት ቀጠን ያለ ሲሆን የእሳት እራት ወፍራምና ጸጉራም ነው።

አራተኛ፣ የሚበርበት ሰዓት ነው። ይሁን እንጂ ቀን የሚበሩ፣ ቀለማቸውም የደመቀ የእሳት እራቶች ስላሉ በዚህ ብቻ መፍረድ አይቻልም። ሁለትና ሦስት ምልክት አስተባብሮ ማየት ይገባል።

ነጥብ መቁጠር

በአገራችን ሜዳ ላይ ብርቱካናማ ክንፍ ያላትና የክንፏ ጫፍ ጥቁር ሆኖ ነጭ ነጠብጣብ የተረጨባት ቢራቢሮ ትታያለች። የአፍሪካ ሞናርክ ትባላለች። በአባጨጓሬነቷ ወተት መሰል ፈሳሽ ያላቸውን መርዛማ ዕፅዋት ስለምትመገብ ወፎች አይደፍሯትም። ይህን የለበሰችውን ልብስ አስመስላ የምትለብስ ሌላ ቢራቢሮ አለች፤ እርሷ መርዝ የላትም፤ ነገር ግን ወፎቹ ተሳስተው ይተዋታል። ሁለቱን እንዴት እንለያቸው? የኋለኛውን ክንፍ እናጢን። በሞናርኳ ክንፍ መሐል አካባቢ ሦስት ወይም አራት ጥቁር ነጥቦች አሉ። በአስመሳይዋ ላይ ያለው በክንፉ የፊት ጠርዝ አጠገብ አንድ ብቻ ነው።

ማሳውን የሚያጠፋው

ሰብል የሚበላው የሚበረው ሳይሆን አባጨጓሬው ነው። አባቶቻችን የሚያውቁት ተምች ሲበዛ ጀርባው ጠቁሮ በመንጋ ይጓዛል፤ ጤፍ፣ ገብስ፣ ማሽላና የግጦሽ ሣር ይጨርሳል። ያው ዝርያ በቁጥር ሲያንስ አረንጓዴ ስለሚሆን ብዙ ሰው ሌላ ትል ይመስለዋል።

በ2009 ዓ.ም. ደግሞ የአሜሪካ መጤ ተምች ወደ አገራችን ገባ። ይህኛው በዋናነት በቆሎን ያጠቃል። ገና ባልተዘረጋው ለጋ ቅጠል ውስጥ ተሸሽጎ ይበላል፤ የተበሳሳ ቅጠልና ሰጋቱራ የመሰለ እዳሪ ይተዋል። ግንባሩ ላይ የተገለበጠ የባላ ቅርጽ ያለው ፈዛዛ መስመር አለው። ዋናው መለያ ግን በጅራቱ አቅራቢያ በአራት ማዕዘን የተቀመጡት አራት ጥቁር ነጥቦች ናቸው። ትሉ ገና ትንሽ ሳለ ከተደረሰበት በእጅ ለቅሞ መግደል ይቻላል፤ ካደገና ወደ ውስጥ ከገባ በኋላ መድኃኒትም በቀላሉ አያገኘው። ስለዚህ እነዚህን አራት ነጥቦች ያየ ሰው ሳይውል ሳያድር ለግብርና ባለሙያ ቢያሳውቅ የራሱንም የጎረቤቱንም እህል ያድናል።

በአንጻሩ ግቢያችን ባለው ሎሚ ላይ የወፍ ኩስ የመሰለ አባጨጓሬ ብናገኝ መደንገጥ አያስፈልግም። ሲያድግ አረንጓዴ ይሆናል፤ ሲነካም ከራሱ ጀርባ ብርቱካናማ ቀንድ አውጥቶ መጥፎ ሽታ ይለቃል። ጥቁርና ቢጫ ክንፍ ያለው ውብ ቢራቢሮ የሚወጣው ከእርሱ ነው። ችግኝ ላይ ከሆነ እናንሳው፤ ትልቅ ዛፍ ላይ ከሆነ ግን ጥቂት ቅጠል ቢበላ ዛፉን አይጎዳውም።

አምፖሉ ሥር ያለው ብል ነውን?

ብዙ እናቶች ማታ በመብራት ዙሪያ የሚዞረውን ሁሉ «ልብስ የሚበላ ብል» ይሉታል። ነገሩ ግን ተቃራኒ ነው። የልብስ ብል የገለባ ቀለም ያላት ደቃቅ የእሳት እራት ስትሆን ብርሃንን ትሸሻለች፤ በልብስ እጥፋት መካከል ትሮጣለች። እርሷ ራሷ ምንም አትበላም፤ የሚበላው ትሏ ነው፤ ምግቡም ሱፍ፣ ጸጉርና ላባ ነው። ስለዚህ የሱፍ ኮትና የሱፍ መስገጃ አልፎ አልፎ አራግፎ ፀሐይ ላይ ማስጣት ይጠቅማል።

ሌሎቹስ ወደ እሳት የሚወድቁት ለምንድን ነው? በሱረቱል ቃሪዓ የተጠቀሰው «ፈራሽ» የሚለው የዐረብኛ ቃል ቢራቢሮንም የእሳት እራትንም ያጠቃልላል፤ ነብያችን (ሰ.ዐ.ወ.) ወደ እሳት መውደቃቸውን በምሳሌነት እንደተጠቀሙበት በሐዲስ ይገኛል። እ.ኤ.አ. በ2024 የወጣ ጥናት በፈጣን ካሜራ እንዳሳየው፣ የሚበሩ ነፍሳት ጀርባቸውን ወደ ብርሃን ያዞራሉ። በተፈጥሮ የሌሊት ሰማይ ከምድር ስለሚደምቅ ይህ ላይና ታቹን እንዲለዩ ይረዳቸዋል። አምፖል ሲያገኙ ግን እርሱን ሰማይ አድርገው ሲዞሩት ያድራሉ። በከንቱ የሚበራ መብራት ማጥፋት ለእነርሱም እፎይታ ነው።

ከልጆቻችን ጋር

ወላጆች ለዚህ ትምህርት ብዙ ወጪ አያስፈልጋችሁም። ማታ ነጭ አንሶላ ሰቅሎ በፊቱ ለጥቂት ጊዜ መብራት ማብራት፣ ቀን ደግሞ አንድ ደብተር ይዞ መስክ መውጣት ይበቃል። ልጆቹ ቀኑን፣ ቦታውን፣ ነፍሳቱ ያረፈበትን ተክል፣ የአንቴናውን ቅርጽና የክንፉን አቀማመጥ ይጻፉ፤ ይሣሉም። የሠርከው ወይም የጧቱ ጉዞ መዝናኛ ከመሆኑ ሌላ ዓይናቸውን ያሠለጥነዋል። ነገ በቆሎው መሐል «ትል!» ብሎ የሚጮኸው ልጅ «ጅራቱ ላይ ስንት ነጥብ አለው?» ተብሎ ሲጠየቅ ቆጥሮ የሚመልስ ከሆነ፣ ማሳው አንድ ጥሩ ጠባቂ አግኝቷል ማለት ነው።