«እሳት አምላኪዎቹ» እሳታቸውን ይዘው ተሰደዱ

ስንክሳር ሲነበብ ያደመጠ አንባቢ ኅዳር 27 ቀን የሚታሰበውን የፋርሱን ሰማዕት፣ ቅዱስ ያዕቆብ ዘግሙድን ያስታውሳል። አካሉ እየተቆራረጠ የተገደለው ንጉሡ እንዳዘዘው ለእሳትና ለፀሐይ አልሰግድም ብሎ ነው። «እሳት አምላኪ» የሚለውን ስም ብዙዎቻችን የሰማነው ከዚያ ነው። እነዚያ ሰዎች ዛሬም አሉ ቢባል ግን ስንቱ ያምናል?

አሉ። ሃይማኖታቸው የነቢዩ የዞሮአስተር ነው፤ በህንድ አገር ያሉት «ፓርሲ» ይባላሉ፣ ፋርሳውያን ማለት ነው። በለንደን ለብዙ ዓመታት አብረውኝ የሠሩና አሁን ጡረታ የወጡ አንድ ፓርሲ ሽማግሌ «እሳት አምላኪ» ሲባሉ ይቆጣሉ። አሁራ ማዝዳ የሚሉትን አንድ ፈጣሪ እንደሚያመልኩ፣ እሳት የርሱ ብርሃን ምልክት ብቻ እንደሆነ ያስረዳሉ። እኔም ነገሩን የተረዳሁት በራሳችን ልማድ ነው፤ ወደ ምሥራቅ ዞረን ስንጸልይ ፀሐይን አመለካችሁ ብንባል እኛስ ዝም እንላለን?

እርግጥ ታሪካቸው ንጹሕ በግ አያደርጋቸውም። በሳሳኒድ ነገሥታት ዘመን መንግሥቱም ክህነቱም የነርሱ ነበር። በ3ኛው ምዕተ ዓመት ሊቀ ካህናቱ ኪርዲር ክርስቲያኑን፣ አይሁዱን፣ ቡድሂስቱን እንዴት እንደመታ በድንጋይ ላይ አስቀርጾ ኮርቶበታል። ከራሳቸው ወገን የወጣውንና ሀብት ለድሃው ይካፈል ያለውን ማዝዳክን መናፍቅ ብለው በ6ኛው ምዕተ ዓመት ከነተከታዮቹ ፈጁት። ከዚያ ጊዜ ተገለበጠ። ዐረቦች እ.ኤ.አ. በ642 ናሃቫንድ ላይ ድል መቷቸው፤ በ651 የመጨረሻው ንጉሥ ተገደለ። መናፍቅ ባዮቹ በተራቸው መናፍቅ ተባሉ፤ ግብር ከፋይ፣ የተናቀ ሕዝብ ሆኑ።

ከነርሱ ከፊሉ በመርከብ ተሳፍሮ ህንድ፣ ጉጃራት ጠረፍ፣ ሳንጃን ከምትባል ስፍራ ደረሰ። የአገሩ ገዢ እስከ አፉ ወተት የሞላ ዕቃ ላከባቸው ይባላል፤ ቦታ የለም ማለቱ ነው። ካህኑም ስኳር ጨምረው መለሱለት፤ ሳናፈስ እናጣፍጣለን ማለታቸው ነው። ፓርሲ ሁሉ ይህን ተረት ይወደዋል። እኔን ይበልጥ የገረመኝ ግን በ1599 አንድ ካህናቸው በግጥም ያቆየው የውል ታሪክ ነው። ሃይማኖታችሁን አስረዱ፤ ቋንቋችንን ተናገሩ፤ ሴቶቻችሁ እንደ ሴቶቻችን ይልበሱ፤ መሣሪያችሁን አስቀምጡ፤ ሠርጋችሁን በምሽት አድርጉ ተባሉ። ሁሉንም እሺ አሉ። ቋንቋቸውን ለቀቁ፣ ልብሳቸውን ለቀቁ፤ እሳቱን ግን አልለቀቁም።

ታላቁ እሳት እንዲሁ ክብሪት ተጭሮ የሚነድ አይደለም። ከ16 ዓይነት እሳት ይሰበሰባል፦ ከአንጥረኛ፣ ከሸክላ ሠሪ፣ ከዳቦ ጋጋሪ፣ ከእረኛ፣ አስከሬን ከተቃጠለበት፣ መብረቅ ካነደደው ሳይቀር። የሰንደል ፍርፋሪ ከነበልባሉ በላይ ተይዞ፣ ሳይነካው በሙቀቱ ብቻ ሲያያዝ፣ ያ አዲሱ እሳት «ነጻ» ይባላል፤ ይህም ደጋግሞ ይፈጸማል። ከዚያ በኋላ ካህናት አፋቸውን በነጭ ጨርቅ ሸፍነው፣ ትንፋሻቸው እንዳያረክሰው፣ በቀን አምስት ጊዜ ይመግቡታል። የሳንጃኑ እሳት ጦር በመጣ ጊዜ ወደ ዋሻ ተሸሽጓል፣ ከከተማ ከተማ ተንከራቷል፤ ከ1742 ጀምሮ ኡድቫዳ በምትባል የባሕር ዳር መንደር ይነዳል። ስሙም «የኢራን ንጉሥ» ነው። የስደት መንግሥት ይሏል ይህ ነው!

ሽማግሌው የተወለዱት ኤደን ነው። ብዙ ሐበሻ የሚያውቃት ያቺ ወደብ ብዙ ፓርሲ ነጋዴዎች ነበሩባት፤ ከነርሱ አንዱ፣ ካዋስጂ ዲንሾው፣ በ1883 ቤተ እሳት አሠራላቸው። እንግሊዞች በ1967 ወጥተው ደቡብ የመን ወደ ሶሻሊዝም ሲዞር ፓርሲው ተበተነ። እሳቱስ? ከረጅም ድርድር በኋላ በ1976 በኤር ኢንዲያ ቦይንግ 707 ተጭኖ፣ ሳይጠፋ፣ ህንድ ገባ። አብራሪውም አስተናጋጁም የሃይማኖቱ ሰዎች ነበሩ፤ ባዕድ እንዳይቀርበው ነው። አሁን ሎናቭላ በምትባል ከተማ ይገኛል። የሚነድ እሳት በአውሮፕላን! የኛ ሰው ታቦት ይዞ ሲሰደድ ያየ ግን አይደንቀውም።

እሳቱ ኖረ። ሕዝቡስ? በ1941 ህንድ ውስጥ ከ114 ሺህ በላይ ነበሩ፤ በ2011 ቆጠራ 57,264 ብቻ ሆኑ። የሚያገቡት ዘግይተው ነው፣ የሚወልዱት ጥቂት ነው፣ ወጣቱ ወደ ውጭ ይሄዳል። በዚያ ላይ ህንድ ያሉት ባዕድ አያጠምቁም፤ ከቤተ እሳታቸውም አያስገቡም። የቦምቤይ ፍርድ ቤት በ1908 ባጸናው አቋም ባዕድ ያገባ የወንዱ ልጅ ፓርሲ ተብሎ ይቆጠራል፤ የሴቷ ልጅ ግን አይቆጠርም። ኢራን ያሉት ወንድሞቻቸው በዚህ ይለያሉ፤ ያዝድ ከተማ ያለውን እሳት ማንም እንግዳ በመስታወት አሻግሮ ያየዋል። በሩን መዝጋት ነው ያቆየን የሚለውና በሩን መዝጋት ነው የሚጨርሰን የሚለው በየማኅበሩ ይጨቃጨቃል። ነገሩ ለጆሯችን እንግዳ አይደለም።

በበኩሌ ዘጊዎቹን ለማውገዝ አልቸኩልም። አንድ ሺህ ዓመት በባዕድ አገር ሳይዋጡ የኖሩት በነርሱ ግትርነት ነው። ነገር ግን የእናትን ደም ከቁጥር አውጥቶ ስለ ቁጥር ማነስ ማልቀስ ምን ይሉታል?

የሽማግሌው ልጅ እንግሊዛዊ አግብታለች። የልጅ ልጃቸው ዘጠኝ ዓመት ሆኖታል፤ ነጩን ሸሚዝና የወገቡን ክር የሚቀበልበት ዕድሜ ነው። ለንደን ያናገሯቸው ካህን እምቢ አሉ። አሜሪካ አንድ ካህን ተገኝተዋል፤ ሽማግሌው ቲኬት ቆርጠዋል። ባለቤታቸው ግን «የአባቶቼን ሥርዓት ተጻርሬ አልሄድም» ብለው ቤት ሊቀሩ ነው። አርባ ሰባት ዓመት በትዳር ኖረው፣ ሲለያዩ ይህ የመጀመሪያቸው መሆኑን ነገሩኝ።