ያውቁ ኖሯል? የሀዋሳዋ ናርዶስ ከሂማላያ መምጣቷን

የህንድ ተከታታይ ድራማዎች በአማርኛ ድምፅ ሳሎናችን ከገቡ ወዲህ ፑጃ፣ ፕሪያ፣ ጂዮቲ የሚሉት ስሞች ለጆሯችን ባዳ መሆናቸው ቀርቷል። የሳንስክሪት ስም ያላት ልጅ ለማግኘት ግን ቴሌቪዥን መክፈት አያስፈልግም። ሀዋሳ ውስጥ ተማሪዎች በሚለቀቁበት ሰዓት ከአንዱ ትምህርት ቤት በር ላይ ቆመው «ናርዶስ!» ብለው ይጣሩ፤ ዞር ብላ የምታይ አትጠፋም።

አዎን፣ ናርዶስ። አብዛኞቹ የቋንቋ ሊቃውንት እንደሚሉት የቃሉ ሥር ናላዳ የተባለው የሳንስክሪት ቃል ነው። ናላዳ በሂማላያ ተራሮች ላይ የምትበቅል፣ ሥሯ ሽቱ የሚወጣው ተክል ናት። ወደ ምዕራብ ስትጓዝ የፋርስን ምድር አቋረጠች፤ የጥንቱ የፋርስ ቋንቋ «ለ»ን እምብዛም ስለማያውቃት ናላዳ እዚያ «ረ» ገባባት። ዕብራውያን ኔርድ አሏት፣ ግሪኮች ናርዶስ። የእኛ መጻሕፍት የወሰዱት የግሪኩን ነው።

ቃሉ የሴት ስም የሆነው እኛ ዘንድ ብቻ እንዳይመስልዎ። ከህንድ አራቱ ቬዳዎች አንዱ በሆነውና 3,000 ዓመት ገደማ ዕድሜ በሚሰጠው አታርቫ ቬዳ፣ በአራተኛው መጽሐፍ 37ኛ መዝሙር ላይ፣ ናላዲ የምትባል አፕሳራ ትጠራለች። አፕሳራዎች በውኃና በዛፍ ዙሪያ የሚኖሩ፣ በውበታቸው ሰው የሚያማልሉ ሴት መናፍስት ናቸው። አብራት የተጠራችው ጉግጉሉ ደግሞ ስሟ ከከርቤ ጋር የሚዛመድ ሙጫ ነው። ሁለቱም መልካም መዓዛ ያላቸው እንግዲህ። ነገሩን የሚያስቀው የመዝሙሩ ዓላማ ነው፤ የተደገመው እነዚህን ቆነጃጅት ለማባረር ነበር። ናርዶስ የሚል ስም ያወጡ ወላጆች ግን ሐሳብ አይግባቸው፤ የእነሱ ስም የመጣው በሌላ በር ነው።

በየትኛው በር? በዮሐንስ ወንጌል ምዕራፍ 12። እዚህ ላይ ትንሽ እንቆይ፤ ምክንያቱም የዚህ ምዕራፍ የመጀመሪያዎቹ ሦስት ቁጥሮች የኢትዮጵያ ሴት ልጆች የስም መዝገብ ናቸው ቢባል ማጋነን አይሆንም። ታሪኩ የሚፈጸመው ቢታንያ ነው፤ ቢታንያ የመንደር ስም ነበር፣ ዛሬ በየክፍሉ አንዷ አለች። እራት የምታቀርበው ማርታ ናት። ሽቱውን ይዛ የምትገባው ማርያም። ሽቱው ናርዶስ። የግሪኩን ንባብ ገልጦ የሚያይ ሰው ደግሞ አምስተኛዋን ያገኛል፤ «ሽቱ» የሚለው ቃል በግሪክኛው ሜሮን ነው፣ ከናርዶስም ጎን ለጎን ተቀምጧል። ቤተ ክርስቲያን ለምትቀባው ቅዱስ ቅባት መጠሪያ የሆነው ሜሮን ያው ቃል ነው። ሜሮንና ናርዶስ የሚባሉ እህትማማቾች ያሉበት ቤት ካለ ወላጆቹ ሳያውቁት አንድ ሐረግ ለሁለት ከፍለዋል ማለት ነው። ወንድም ከተጨመረ አልዓዛርም እዚያው ማዕድ ላይ ተቀምጧል።

በኦስ የሚጨርሱ ስሞቻችን የወንድ ናቸው፤ ማርቆስ፣ ጳውሎስ፣ ጴጥሮስ፣ ቴዎድሮስ። ናርዶስ ለምን የሴት ሆነች? አጋጣሚ ሊሆን ይችላል፤ የሚገርመው ግን በግሪክኛ ሰዋስው ናርዶስ መጨረሻዋ የወንድ ቢመስልም ራሷ አንስታይ ጾታ ናት። ስም አውጪዎቻችን ሰዋስው ሳይጠይቁ ልክ ገብተዋል።

ከወንጌል በፊትም ናርዶስ በመኃልየ መኃልይ ምዕራፍ 1 እና 4 ላይ ከከርቤ፣ ከዕጣን፣ ከቀረፋ ጋር ተጠቅሳለች።

ዋጋዋስ? ይሁዳ ያጉረመረመው ሽቱው በ300 ዲናር ይሸጥ ነበር ብሎ ነው። በማቴዎስ ወንጌል ምሳሌ ላይ አንድ ዲናር የወይን አትክልት ሠራተኛ የቀን ደመወዝ ነው፤ የዓመት ደመወዝ ሊሆን ጥቂት የቀረው ገንዘብ በአንድ ምሽት በኢየሱስ እግር ላይ ፈሰሰ ማለት ነው። መጠኑ አንድ የሮማ ሊትራ ነበር፣ ወደ 327 ግራም። ሮማዊው ጸሐፊ ፕሊኒ በዚያው መቶ ዓመት የናርዶስን ደረቅ ዛላ በፓውንድ 100 ዲናር ይለዋል፤ ተዘጋጅተው ከሚሸጡት ሽቱዎች መካከል ግን ከ400 ዲናር የሚያልፉ እንዳሉ ጽፏል። ስለዚህ ይሁዳ ሌላው ይቅርና የገበያውን ዋጋ አሳምሮ ያውቅ ነበር።

ተክሏን የዛሬ ህንዶች ጃታማንሲ ይሏታል። ጃታ የተድበለበለ፣ እርስ በርሱ የተያያዘ ፀጉር ማለት ነው፤ ከመሬት በታች ያለው ግንዷ በቡናማ ክር ስለሚሸፈን የዓለም በቃኝ ያሉ የሂንዱ መናንያንን ጎፈሬ ይመስላል። ከሀዋሳ 25 ኪሎ ሜትር ያህል ሄዶ የሻሸመኔን ራስ ተፈሪያን ያየ ሰው ጃታ ምን እንደሚመስል ማብራሪያ አያሻውም። ጋንጃ የሚለው ቃልም ከሳንስክሪት መገኘቱን እዚህ ላይ ጣል አድርጌ ልለፍ።

ናርዶስ በሀዋሳ ትበቅል ይሆን? እንጃ፣ ሞቃታማው ሐይቅ ዳር የሚስማማት አይመስልም። ሀዋሳ 1,700 ሜትር ገደማ ላይ ናት፤ ናርዶስ የምትወደው ከ3,000 እስከ 5,000 ሜትር ያለውን ብርድ ነው። በአገራችን ይህን ከፍታ ፍለጋ የሚሄድ ሰው የባሌን ቱሉ ዲምቱ (4,377 ሜትር) ወይም ራስ ዳሸንን ይወጣል። ቁመቷ ከ60 ሴንቲ ሜትር እምብዛም አያልፍም፤ አበባዋ ሐምራዊ ቢጤ ነው፤ ሰው የሚፈልገው ግን ሥሯን ነው። መከራዋም ከዚያ ይጀምራል። ሥሯ ሲነቀል ተክሏ ትሞታለች፤ ከኔፓልና ከሰሜን ህንድ ተራሮች ለዘመናት ስለተነቀለች ዛሬ በእጅጉ ለመጥፋት ከተቃረቡት ዝርያዎች ተመድባለች። ከ1997 እ.ኤ.አ. ጀምሮም ዓለም አቀፍ ንግዷ ሳይተስ በሚባለው ስምምነት ቁጥጥር ሥር ነው።

ናላዳ በሳንስክሪት የሌላም ተክል ስም ነበር፤ እኛ ቬቲቨር የምንለው ሣር። ሥሩ ይሸታል። ኢትዮጵያ ውስጥ ግን በአብዛኛው ለሽቱ ሳይሆን የተዳፋት እርሻ አፈር እንዳይሸሽ በመስመር ይተከላል።

አሁን ወደ ባሕሩ። በአንደኛው መቶ ክፍለ ዘመን የተጻፈው የኤርትራ ባሕር መመሪያ ናርዶስ የሚጫንባቸውን የህንድ ወደቦች ይዘረዝራል፤ ባርባሪኮን፣ ባሪጋዛ፣ ሙዚሪስ። ያው መጽሐፍ የአክሱምን ወደብ አዱሊስንም በዝርዝር ይገልጻል፤ ከህንድ ብረት፣ የጥጥ ጨርቅና ላክ የተባለው ቀይ ቀለም ይገባባት እንደነበር ይናገራል። ላክም የሳንስክሪት ቃል ነው። ናርዶስ ግን በአዱሊስ ሸቀጦች ዝርዝር ውስጥ የለችም፤ ወደ ግብፅና ወደ ሮማ ስትጓዝ በደጃችን አልፋለች። ቪየና ውስጥ የሚገኝ አንድ የሁለተኛው መቶ ክፍለ ዘመን ፓፒረስ ከሙዚሪስ የተመለሰች ሄርማፖሎን የምትባል መርከብ የጫነችውን ሲቆጥር የጋንጅስ ናርዶስ 60 ዕቃ ሙሉ መኖሩን ይመሰክራል።

ገንዘቡስ እኛ ጋ አልደረሰም? ደርሷል። በ1940 እ.ኤ.አ. ደብረ ዳሞ ላይ ከመቶ በላይ የኩሻን የወርቅ ሳንቲሞች ተገኝተዋል። ኩሻኖች ዛሬ አፍጋኒስታን፣ ፓኪስታንና ሰሜን ህንድ የምንለውን አገር የገዙ ነገሥታት ናቸው፤ የንግዱ መንገድ ከእነሱ እጅ ወደ ትግራይ ተራራ ይደርስ እንደነበር ከዚህ በላይ ማስረጃ የሚፈልግ የለም።

ወደ ስሙ እንመለስ። ናርዶስ የክርስትና ስም ስትሆን እምብዛም አይሰማም። በኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ሴት ልጅ በ80 ቀኗ ስትጠመቅ የሚሰጣት ስም ሌላ ነው፤ ብዙ ጊዜ ወለተ ብሎ የሚጀምር። በሲዳማ ብዙ ምእመናን ባሏቸው የወንጌላውያን አብያተ ክርስቲያናት ዘንድ ይህ ሁለተኛ ስም ስለሌለ ናርዶስ ብቻዋን ትበቃለች። ቤት ውስጥ ናርዲ ትሆናለች፤ ያ ለሁሉም አንድ ነው።

ስሙን በዓለም መድረክ ላይ ካስጠሩት መካከል ናርዶስ በቀለ ቶማስ ይገኙበታል። በተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ለዓመታት ካገለገሉ በኋላ በ2022 እ.ኤ.አ. የአፍሪካ ኅብረት የልማት ኤጀንሲ፣ ኔፓድ፣ ዋና ሥራ አስፈጻሚ ሆነዋል፤ በዚያ ወንበር ላይ የተቀመጡ የመጀመሪያዋ ሴት ናቸው።

ከናርዶስ አገር ወደ እኛ የመጡ ሰዎችም አሉ። በንጉሡ ዘመን የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶቻችንን የሞሉት የህንድ መምህራን ነበሩ፤ በኋላም በዩኒቨርሲቲዎቻችን ብዙዎች አስተምረዋል። በሐምሌ 2008 ዓ.ም. የተመረቀው የሀዋሳ ኢንዱስትሪ ፓርክም እንደ ሬይመንድና አርቪንድ ያሉ የህንድ ልብስ አምራቾችን ወደ ከተማዋ አምጥቷል። ህንዳዊ አለቃ የሠራተኛ ስም ሲጠራ ናርዶስ ላይ ሲደርስ እንግዳ ስም ያነበበ ይመስለዋል። የገዛ ተራራው ልጅ መሆኗን ማን ይንገረው?

የህንድና የእኛ ወላጆች ስም ሲያወጡ የሚመኙትም ይመሳሰላል። ጂዮቲ ብርሃን ናት፣ አሻ ተስፋ፣ ኡሻ ጎህ፣ ራትና ዕንቁ፣ ፕሪያ ተወዳጅ። ሱጋንዳ ቃል በቃል መልካም መዓዛ ናት፤ የእኛዋ መዓዛ።

ሀዋሳ ገበያ ገብተው ስኳር፣ ዝንጅብልና ሰንደል ከገዙ ሦስት የህንድ ቃላት በአንድ ፌስታል ይዘው ወጥተዋል። ስኳር ከሻርካራ ነው፣ መጀመሪያ ትርጉሙ ደቃቅ ጠጠር ነበር። ከወላይታና ከከምባታ የሚመጣው ዝንጅብል ስሙ ከሽሪንጋቬራ ነው፤ ሳንስክሪትም ራሱ ከደቡብ ህንድ ቋንቋዎች የተበደረው ይመስላል። ሰንደል ደግሞ ቻንዳና ከሚለው፣ በአረብኛ በኩል የመጣ። ቻንዳና ዛሬም በህንድ የሴት ልጅ ስም ነው። እኛ ግን ሰንደልን ለጭስ ትተን ናርዶስን ለልጅ መረጥን፤ በበኩሌ ምርጫው ያስማማኛል።

ጠጅ ቤት ጎራ ካሉም ብርሌው ይጠብቅዎታል። ቫይዱርያ ከሚል ሳንስክሪት ተነሥቶ፣ በግሪኮች ቤሪሎስ ተብሎ፣ ግእዝ ውስጥ የከበረ ድንጋይ ስም ሆነ፤ መጽሐፍ ቅዱሳችን ቢረሌ የሚለው ድንጋይ እሱ ነው። ከዚያ ወርዶ ወርዶ የጠጅ ጠርሙስ ላይ አረፈ።

በ2008 እ.ኤ.አ. ወሎ ወገል ጤና ላይ የተገኘው ኦፓልም ስሙ ኡፓላ ከሚለው ሳንስክሪት መምጣቱ ይነገራል፤ ድንጋይ ማለት ነው፣ በቃ።

ወደ ናርዶሳችን እንመለስና፣ ስሟ የተጻፈበት የሽቱ ዘይት ካጋጠመዎ አሽትተው ይግዙ። የእውነተኛዋ መዓዛ እንደ ጽጌረዳ የሚጣፍጥ አይደለም፤ ከበድ ያለ፣ አፈር አፈርና ሥር ሥር የሚል ነው። በእሷ ስም ብዙ ጊዜ የሚሸጠው የዘመዷ የቫለሪያን ሥር ዘይት ነው። ማጭበርበሩ የዛሬ እንዳይመስልዎ፤ ፕሊኒ በዘመኑ ሐሰተኛ ናርዶስ የሚባል ተክል እየተቀላቀለ ይሸጥ እንደነበር ጽፎ አንባቢውን አስጠንቅቋል።