አምስት ካሜራ የሰበረ ምስክርነት

ሐዲስ የተማረ ሰው ወሬ ሲደርሰው አስቀድሞ «ማን ነገረህ? እሱስ በቦታው ነበር ወይ?» ብሎ ይጠይቃል። ኡስታዞቻችን ነገሩን ብቻ ሳይሆን ያስተላለፉትን ሰዎች ሰንሰለት፣ ኢስናዱን፣ አብረው ያስጠኑን ነበር። በዚህ የረመዷን ገጽ የአንድ ዘጋቢ ፊልም ሠሪን ታሪክ የማነሣውም ስለዚሁ ነው።

ኢማድ ቡርናት ከራመላህ በስተ ምዕራብ ያለችው የፍልስጤም መንደር፣ የቢልዒን ገበሬ ነው። እ.ኤ.አ. በ2005 አራተኛ ልጁ ጅብሪል ሲወለድ ለቤተሰብ ማስታወሻ ብሎ ካሜራ ገዛ። በዚያው ወቅት እስራኤል የምትሠራው የመለያ አጥር በመንደሩ የእርሻ መሬት ላይ ማለፍ ጀመረ። ነዋሪዎቹ በየጁምዓው ለተቃውሞ ወደ አጥሩ ይወጡ ነበር፤ ኢማድም ለልጁ የገዛውን ካሜራ ይዞ ተከተላቸው።

 ካሜራዎቹ አንድ በአንድ ተሰበሩ። አንዱ ሲሰበር ሌላ እየፈለገ አምስት ደረሱ። እሱም ታሰረ፤ ቆሰለ። ባለቤቱ በቃህ ብላ ለመነችው። በሚያዝያ 2009 የቅርብ ጓደኛው በአስለቃሽ ጭስ ተተኳሽ ደረቱን ተመትቶ ሞተ። ኢማድ ግን መቅረጹን አላቆመም።

«አምስት የተሰበሩ ካሜራዎች» የተሰኘውን ፊልም ከእስራኤላዊው ጋይ ዳቪዲ ጋር ሠርቶ በ2011 ለዕይታ አበቃ። ይህ ጥምረት ያስገረማቸው ነበሩ። ነገር ግን ከምስክር የሚፈለገው እውነተኛነቱ እንጂ ዘሩ አይደለም። ፊልሙ በ2012 በሰንዳንስ ፌስቲቫል የዳይሬክተር ሽልማት አገኘ፤ በ2013 ለኦስካር ታጨ። ኢማድ ለሥነ ሥርዓቱ ሎስ አንጀለስ ሲደርስ ከባለቤቱና ከልጁ ጋር አውሮፕላን ማረፊያው ላይ ተይዞ ለምን እንደመጣ ተጠይቋል።

የእስራኤል ከፍተኛ ፍርድ ቤት በ2007 አጥሩ እንዲዛወር ወስኖ ነበር፤ ውሳኔው የተፈጸመው ግን በ2011 ነው። መንደሩ ከመሬቱ የተመለሰለት ከፊሉ ብቻ ነው። ያንንም ያስመለሰው ካሜራው ብቻውን አይደለም፤ ሕዝቡ ለዓመታት በየሳምንቱ መውጣቱ ነው። ካሜራው የሆነውን «አልሆነም» እንዳይባል አድርጓል።

ውድ አንባቢያን፣ ዛሬ ሁላችንም ኪስ ውስጥ ካሜራ አለ። ከኢፍጣር በኋላ ስልካችንን አንሥተን የት እንደተቀረጸ፣ ማን እንደቀረጸው የማናውቀውን ምስል ለመቶ ሰው እናስተላልፋለን። ያ ምስል ወንድማማቾችን ሊያጋጭ ይችላል። ኢማድ በዓይኑ ላየው ነገር አምስት ካሜራና ብዙ ዓመታት ከፍሏል። እኛ ላላየነው ነገር ምስክር ለመሆን የምንቸኩለው ለምንድን ነው? ምላሳችን ከሐሰት ሲጾም ጣታችንም አብሮ ይጹም። ከመላካችን በፊት ያቺን የቆየች የደረሳ ጥያቄ እንጠይቅ፦ ማን ነው ያየው?