የጋሸናን ዝናብ በአንድ ገጽ ደብተር

ከወልድያ ወደ ደብረ ታቦር የሚሄደው መንገድ ጋሸና ላይ ለሁለት ይከፈላል፤ አንዱ ወደ ላሊበላ ይታጠፋል። የዚህን ደጋ የዓመት ዝናብ ከመስከረም ጀምሮ በባር ግራፍ ብንስለው፣ ዓይን ቀድሞ የሚያርፈው ሐምሌና ነሐሴ ላይ ነው። የሁለቱ ወራት ባሮች ሌሎቹን ሁሉ አሳንሰው ይቆማሉ። ከእነሱ በስተግራ፣ መጋቢትና ሚያዝያ አካባቢ፣ ትንሽ ጉብታ አለች። በልግ ናት። በበልግ ገብስ ለሚዘራ ገበሬ የዓመቱን ቀለብ የምትወስነው ያቺው ትንሿ ጉብታ ልትሆን ትችላለች። ግራፉ የትኛው ወር ብዙ እንደዘነበበት ያሳያል እንጂ የትኛው ዝናብ ለማን እንደሚያስፈልግ አይናገርም። ያንን የሚያውቀው አንባቢው ነው።

ከግራፉ በፊት ሠንጠረዡ ይቀድማል። በዚህ በኩል ፊደል የቆጠረ ሰው ሁሉ ሥራውን ጀምሮታል፤ የፊደል ገበታው ራሱ 33 ረድፍና 7 ዓምድ ያለው ሠንጠረዥ ነውና። በ«ለ» ረድፍ ገብታ ሦስተኛው ዓምድ ላይ የቆመች ጣት «ሊ»ን ታገኛለች። ካህናቱ የአጽዋማትንና የበዓላትን ቀን የሚያወጡበት ባሕረ ሐሳብም በሠንጠረዥ ይጻፋል። የዝናቡ ሠንጠረዥ ከዚህ አይከብድም፤ ረድፉ ዓመት፣ ዓምዱ ወር፣ የሚገናኙበት ቤት ውስጥ ያለው ቁጥር ደግሞ በዚያ ዓመት በዚያ ወር የዘነበው ነው።

ቁጥሩ የሚጻፈው በሚሊ ሜትር ነው። ዝናብ በርዝመት መለካቱ ግራ ያጋባ ይሆናል፤ ነገሩ ግን ቀላል ነው። የወረደው ውሃ ሳይፈስ፣ ሳይሰርግና ሳይተን ባለበት ቢቆም ምን ያህል ጥልቀት ይኖረው ነበር ማለት ነው። በ1 ካሬ ሜትር ላይ 1 ሚሊ ሜትር ዘነበ ማለት 1 ሊትር ወረደ ማለት ነው። ጥማዱን ሩብ ሄክታር ብለን ብናሰላው፣ 10 ሚሊ ሜትር ዝናብ ለአንድ ጥማድ መሬት 25,000 ሊትር ይሆናል፤ በባለ 20 ሊትር ጀሪካን 1,250 ጀሪካን። ያንን ተሸክሞ የሚያጠጣ አህያም ሰውም የለም።

ቤት ውስጥ ለመለካት ከላይ እስከ ታች ስፋቱ እኩል የሆነ ጣሳ ይበቃል። የሃይላንድ ፕላስቲክ አንገቱ ጠባብ ስለሆነ እንዳለ አይሆንም። ጣሳውን ከዛፍና ከቤት ክዳን ራቅ አድርጎ፣ እንዳይገለበጥ በድንጋይ ደግፎ ማቆም ነው። ጠዋት ጠዋት፣ በ3 ሰዓት እንበል፣ ማስመሪያ ነክሮ ጥልቀቱን ማየት፣ ጽፎ መድፋት። የማስመሪያው ዜሮ ከጫፉ ትንሽ ገባ ብሎ ከጀመረ ያቺን ልዩነት መደመር ያስፈልጋል። ወሩ ሲያልቅ ቁጥሮቹ ይደመራሉ፤ ድምሩ አንድ ባር ይሆናል። ባለ ካሬ የሒሳብ ደብተር ላይ አንዱን ካሬ 10 ሚሊ ሜትር ብሎ መያዝ፣ ወራቱን ከታች በአግድም መደርደር፣ ከዚያ ወደ ላይ ማቅለም ነው።

የእኛ አገር ሰው የሚሰናከለው ግን ባሩ ላይ ሳይሆን ከታች በተጻፈው የወር ስም ላይ ነው። ከመሥሪያ ቤት የሚመጣው ግራፍ ብዙውን ጊዜ የፈረንጅ ወር ይዞ ይመጣል። «ጁላይ» የተባለው ባር የሰኔን የመጨረሻ 7 ቀንና የሐምሌን የመጀመሪያ 24 ቀን ያቀፈ ነው፤ «ሐምሌ» ብሎ መተርጎሙ አንድ ሳምንት ያዛንፋል። በዘር ሰሞን አንድ ሳምንት ቀላል አይደለም። የዓመተ ምሕረቱ ደግሞ ይብሳል። በኤል ኒኞ ድርቅ የታወቀው የፈረንጆቹ 2015 እስከ ጳጉሜን ድረስ ለእኛ 2007 ነበር፤ በ2008 ታኅሣሥ 10.2 ሚሊዮን ሰው የምግብ እርዳታ እንደሚያስፈልገው የተገለጸውም ያ ድርቅ ባደረሰው ጉዳት ነው። የግራፉን 2015 በእኛ አቆጣጠር የሚያነብ ሰው ድርቁን ስምንት ዓመት ወደፊት ይገፋዋል። ጳጉሜን አለች ደግሞ። የ5 ቀን ዝናብ ከ30 ቀን ዝናብ ጎን ባር ሆኖ ሲቆም ዝናቡ ድንገት የተቋረጠ ያስመስላል። እኔ ከነሐሴ ጋር ደምሬ «ነሐሴና ጳጉሜን» ብዬ መጻፍ እመርጣለሁ፤ ለብቻዋ የሚስላትም አልተሳሳተም፣ ስሟን እስከጻፈ ድረስ።

አማካይ የሚባለው ቁጥርም መመርመር ያለበት ነው። ለልምምድ የአምስት ዓመት የሚያዝያ ዝናብ 80፣ 5፣ 70፣ 0 እና 95 ሚሊ ሜትር ነበር እንበል። ድምሩ 250፣ አማካዩ 50። ግራፉ ላይ 50 የሆነች ደህና ባር ትቆማለች፤ ከአምስቱ ዓመታት ግን 50 የዘነበበት አንድም የለም። በሁለቱ ዓመታት ዘሩ መሬት ውስጥ ቀርቷል። እንደ በልግ ላለ ዋዣቃ ዝናብ አማካዩን ብቻ ማየት አይበቃም፤ አምስቱን ዓመት አምስት ባር አድርጎ ጎን ለጎን ማቆም እውነቱን ያወጣዋል።

የገበያ ዋጋ ላይ ደግሞ ሌላ ወጥመድ አለ። ገብስ በኩንታል ከ4,800 ወደ 5,200 ብር ወጣ እንበል፤ ጭማሪው ከመቶ ስምንት ያህል ነው። ግራፉን የሣለው ሰው የግራውን ቁጥር ከ0 ሳይሆን ከ4,500 ቢጀምረው፣ የመጀመሪያው ባር 300፣ ሁለተኛው 700 ያህል ቁመት ይኖረዋል። ዋጋው ከእጥፍ በላይ የናረ ይመስላል። ነጋዴውም ገዢውም ሊጣላበት ይችላል! ባር ሁልጊዜ ከ0 ይነሣ። የመስመር ግራፍ ከፍ ካለ ቁጥር ቢጀምር ግድ የለም፤ እዚያ የምናየው የመስመሩን አካሄድ ነው። መስመር የሚሰመረው ግን ከሳምንት ሳምንት ለሚከተል ነገር ነው። ገብስን፣ ስንዴንና ባቄላን በመስመር ማያያዝ ምንም ትርጉም የለውም። ክብ ግራፍ ሦስት አራት ቁራሽ ካለፈ ለማንም አይነበብም፤ ሠንጠረዡ ይሻላል።

አንድ ቀን ጣሳውን ፍየል ትገለብጠዋለች፣ ወይም የሚለካው ልጅ ለቅሶ ሄዶ ያድራል። ያን ቀን 0 መጻፍ ወሩን ሐሰት ያደርገዋል። ለክቶ ውሃ ያጣ 0 ይጽፋል፤ ያልለካ ሰረዝ ያሰምራል፤ ከወሩ ባር ሥር ደግሞ «3 ቀን አልተለካም» ተብሎ ይጻፋል።